የትኛው ይቅደም? የሶፍትዌር ሥራ አደረጃጀትና ቅደም ተከተል፦ ዳሰሳ

ከመገናኛ ወደ አያት የሚጓዘው ቀላል ባቡር ሲ.ኤም.ሲ ከመድረሱ በፊት ሥራ አመራር ኢንስቲትዩትና ሲቪል ሰርቪስ በተባሉ ተከታታይ ፌርማታዎች ላይ ይቆማል። ፌርማታዎቹ የተሰየሙባቸው ሁለት ተቋማት የመንግሥት ሠራተኛው ሥራውን እንዴት እንደሚያቅድ፣ እንደሚከፋፍልና እንደሚመዝን ለአሥርት ዓመታት ሲያስተምሩ ኖረዋል። በስተሰሜን ከፍ ብሎ፣ እንጦጦ ተራራ ላይ፣ ኢትዮጵያ ታህሳስ 10 ቀን 2012 ዓ.ም. ከቻይና ያመጠቀቻት የመጀመሪያዋ ሳተላይት የምትመራበትና ምስሏን የምትልክበት ምድር ጣቢያ ተተከለ። ወደ ደቡብ ሲወረድ ደግሞ ጎሮ አካባቢ የአይቲ ፓርኩ አለ።

ይህ ዳሰሳ የሚያነሳው ጥያቄ ሁሉንም ይነካል። የሶፍትዌር ሥራ እንዴት ይደራጅ? ተቆልሎ ከሚጠብቀው ሥራ መካከልስ የትኛው ይቅደም? ጥያቄው ከግማሽ ምዕተ ዓመት በላይ የዘለቀ ዓለም አቀፍ ታሪክ አለው፣ መልሶቹም ብዙ ናቸው። መልሶቹ አዲስ አበባ ሲደርሱ ግን ከበጀት ዓመቱ፣ ከጨረታ ሥርዓቱና ከቢሮ ልማዱ ጋር ይጋፈጣሉ። በባለሙያዎች ዘንድ ክርክሩ ብዙውን ጊዜ የሚያተኩረው የትኛው ዘዴ ይሻላል በሚለው ላይ ነው። ማስረጃው ሲገላበጥ ጎልቶ የሚወጣው ግን «ይህኛው ለአሁን ይቆይ» የማለት ሥልጣን በማን እጅ ነው የሚለው ነው።

ሁለት የተቀላቀሉ ጥያቄዎች

በመጀመሪያ አንድ ልዩነት መታወቅ አለበት። ሥራን ማደራጀት ማለት ማን ከማን ጋር፣ በምን ያህል ጊዜ ክፍፍል፣ በምን የርክክብ ሥርዓት ይሠራል የሚለውን መወሰን ነው። ቅደም ተከተል ማውጣት ደግሞ ሊሠራ ከሚችለው ነገር ሁሉ የትኛው እንደሚቀድም፣ የትኛው እንደሚዘገይ፣ የትኛውስ ፈጽሞ እንደማይሠራ መወሰን ነው። የመጀመሪያው ጥያቄ በአብዛኛው በቡድኑ ውስጥ ሊመለስ ይችላል። ሁለተኛው ግን ገንዘቡን የሚከፍለውን፣ አገልግሎቱን የሚጠቀመውንና ለውጤቱ የሚጠየቀውን አካል ይጠይቃል።

አንድ ቡድን በየማለዳው ቆሞ ስብሰባ ሊያደርግ፣ ሥራውን በጃይራ ወይም በትሬሎ ሰሌዳ ላይ ሊያሰፍር፣ በየሁለት ሳምንቱ ያለቀውን ሊያሳይ ይችላል። የሚሠራው ነገር ዝርዝር ግን ከዓመት በፊት በተፈረመ ውል ታስሮ ከሆነ፣ ወይም በየዕለቱ «ከላይ የመጣ ነው» በሚል ስልክ የሚገለባበጥ ከሆነ፣ አደረጃጀቱ ተሻሻለ እንጂ የቅደም ተከተሉ ጥያቄ አልተነካም። ስለዘዴዎች የሚነገረው ሙገሳም ወቀሳም ብዙውን ጊዜ የሚሳከረው እነዚህን ሁለት ነገሮች በአንድ ስም ስለሚጠራ ነው።

ከጋርሚሽ እስከ ዩታ

ጥያቄው መደበኛ መድረክ ያገኘው እ.ኤ.አ. በ1968 በጀርመኗ ጋርሚሽ ከተማ ኔቶ በጠራው ጉባኤ ላይ ነው። ፕሮጀክቶች መዘግየታቸው፣ ከበጀት ማለፋቸውና ስህተት መብዛቱ «የሶፍትዌር ቀውስ» ተብሎ የተሰየመው ያኔ ነው። ከሁለት ዓመት በኋላ ዊንስተን ሮይስ የተባለ መሐንዲስ ባቀረበው ጽሑፍ ውስጥ ሥራው ከፍላጎት ጥናት ወደ ንድፍ፣ ከንድፍ ወደ ኮድ፣ ከኮድ ወደ ፍተሻ ደረጃ በደረጃ ሲወርድ የሚያሳይ ሥዕል ነበረበት። ዋተርፎል የሚባለው ዘዴ ምንጩ ይህ ሥዕል ነው። ሮይስ ራሱ ግን ሥራውን እንዲህ በአንድ አቅጣጫ ብቻ ማስኬድ ለውድቀት የሚያጋልጥ መሆኑን በዚያው ጽሑፍ አስጠንቅቆ ነበር። ሥዕሉ ተወሰደ፣ ማስጠንቀቂያው ቀረ። እ.ኤ.አ. በ1985 የአሜሪካ መከላከያ ሚኒስቴር በዚህ ቅደም ተከተል ላይ የተመሠረተ ደረጃ አወጣ፣ በዓለም ዙሪያ ያሉ የመንግሥት ውሎችም ተመሳሳይ ቅርፅ ያዙ።

ፍሬድ ብሩክስ እ.ኤ.አ. በ1975 ባሳተመው መጽሐፉ ሌላ ችግር አነሳ። የዘገየ የሶፍትዌር ፕሮጀክት ላይ ሰው መጨመር የባሰ ያዘገየዋል አለ፤ አዲሱ ሰው ሥራውን እስኪለምድ የነባሮቹን ጊዜ ይበላል፣ የሚግባቡት ሰዎች ቁጥር ሲጨምርም መግባቢያው ራሱ ሥራ ይሆናል። ለእኛ ይህ ከልምድ የሚቃረን ሐሳብ ነው። የደረሰ እህል በደቦ ቢታጨድ ቶሎ ይነሳል፤ አጫጁ ለአጫጁ ማስረዳት ያለበት ነገር የለምና። ሶፍትዌር ግን እያንዳንዱ ሠራተኛ ሌላው የሠራውን ማወቅ የሚገባው ሥራ ነው። የዘገየን ሥርዓት በዘመቻ ለመጨረስ የሚደረገው ሙከራ ደጋግሞ የሚከሽፈው በዚህ ምክንያት ነው።

ከ1980ዎቹ አጋማሽ እስከ 1990ዎቹ እ.ኤ.አ. ድረስ አማራጮች ተከታትለው መጡ። ባሪ ቦም በየዙሩ አደጋን እየመዘኑ የመሥራትን ዘዴ አቀረበ። ጄፍ ሰዘርላንድና ኬን ሽዌበር እ.ኤ.አ. በ1995 ሥራን በአጫጭር የጊዜ ዙሮች የሚከፍለውን ስክራምን ይፋ አደረጉ። ኬንት ቤክ በክራይስለር ኩባንያ የደመወዝ ሥርዓት ላይ የሞከረውን ኤክስትሪም ፕሮግራሚንግ በመጽሐፍ አወጣ። የካቲት 2001 እ.ኤ.አ. ላይ 17 ባለሙያዎች በዩታ ግዛት ስኖውበርድ ተሰብስበው አጃይል ማኒፌስቶ የተባለውን አጭር ጽሑፍ ፈረሙ። ጽሑፉ የሚሠራ ሶፍትዌርን ከተሟላ ሰነድ፣ ከደንበኛ ጋር መተባበርን ከውል ድርድር፣ ለለውጥ ምላሽ መስጠትን ዕቅድ ከመከተል አስበልጧል።

ማስረጃው ከማኒፌስቶው ድምፅ ይልቅ ለስለስ ያለ ነው። ቶሬ ዲቦና ቶርጌር ዲንግሶይር የተባሉ የኖርዌይ ተመራማሪዎች እ.ኤ.አ. በ2008 የነበረውን ጥናት ሁሉ ሲያጣሩ ተቀባይነት ያለው ጥራት ያሟሉት 36 ብቻ ሆነው ተገኙ፣ የማስረጃው ጥንካሬም ዝቅተኛ ነው ሲሉ ደመደሙ። ከዚያ ወዲህ ብዙ ተጠንቷል። ሆኖም ዘዴውን የሚመርጡት ቡድኖች ቀድሞውንም የተሻሉ ይሆኑን የሚለው ጥርጣሬ ሙሉ በሙሉ አልተፈታም።

ሳተላይትና ታክሲ

ዋተርፎል ያረጀ፣ አጃይል ዘመናዊ ነው የሚለው አቀራረብ የሥራውን ባሕርይ ይረሳል። የእንጦጦዋ ሳተላይት ኢቲአርኤስኤስ-1 ክብደቷ 70 ኪሎ ግራም ገደማ ነበር፣ በንድፏና በሥራዋም ኢትዮጵያውያን መሐንዲሶች ከቻይናውያን ጋር ተሳትፈዋል። እንዲህ ያለ ሥራ «ግማሹን አምጥቀን ተጠቃሚው የሚለውን እንስማ» አይባልበትም። ሮኬቱ የሚነሳበት ቀን የተቆረጠ ነው፣ ከመነሳቱ በፊት ያልተፈተሸው ክፍል በኋላ ሊነካ አይችልም፣ በበረራ ላይ የሚደረግ የሶፍትዌር እርማትም ውሱን ነው። ፍላጎትን ቀድሞ ማጥናት፣ ንድፍን ማጽደቅ፣ ደረጃ በደረጃ መፈተሽ እዚህ ላይ ትክክለኛ ምርጫ ነው።

በሌላው ጫፍ የታክሲ ጥሪ አገልግሎት የሆነውን ራይድን እንውሰድ። ሳምራዊት ፍቅሩ የመሠረተችው ሃይብሪድ ዲዛይንስ አገልግሎቱን የጀመረው እ.ኤ.አ. በ2014 በአጭር የጽሑፍ መልእክት ነበር። የስማርትፎን መተግበሪያው በኋላ መጣ፤ ስማርትፎን የሌለው ሰውም 8294 ደውሎ መኪና ማዘዝ ቻለ። የአሜሪካንን መተግበሪያ በሙሉ ገልብጦ ለመጀመር ቢሞከር ኖሮ የኢንተርኔቱ አቅም፣ የካርታው ጥራትና የክፍያው ሥርዓት እስኪደርሱ መጠበቅ ይገባ ነበር። እዚህ ቅደም ተከተሉን የወሰነው ተሳፋሪው በእጁ የያዘው ስልክ ነው። ከዚህ የምንማረው ትንሹን ነገር ቀድሞ መልቀቅ የሚጠቅመው አንደኛ ስህተቱ ርካሽ ሲሆን፣ ሁለተኛ ከተጠቃሚው የሚመለሰው ትምህርት ቀጣዩን ሥራ የመቀየር ዕድል ሲኖረው መሆኑን ነው።

አብዛኛው ሥራ የሚውለው በሁለቱ መካከል ነው። የባንክ ሥርዓት በከፊል እንደ ሳተላይት፣ በከፊል እንደ ታክሲ ጥሪ ነው። የሂሳብ መዝገቡ ስህተት አይፈቅድም፣ የስልክ መተግበሪያው ገጽታ ግን በየወሩ ቢሻሻል ይጠቅማል። አንዱን ድርጅት በአንድ ዘዴ ብቻ ለመምራት የሚሞክር ሁሉ ከእነዚህ አንዱን መበደሉ አይቀርም።

ካይዘን በፋብሪካው በር ገባ

ከስክራም በተለየ ካንባን የተባለው ዘዴ በጊዜ ክፍፍል አይመራም። ምንጩ ታይቺ ኦኖ በቶዮታ ፋብሪካ የዘረጋው ሥርዓት ሲሆን፣ ዴቪድ አንደርሰን እ.ኤ.አ. በ2004 በማይክሮሶፍት፣ ሕንድ ሃይደራባድ በሚገኝ የጥገና ቡድን ላይ ወደ ሶፍትዌር አመጣው። ያ ቡድን ለያንዳንዱ ጥያቄ የጊዜ ግምት እንዲያወጣ ይገደድ ስለነበር ግምቱ ራሱ የሥራ ጊዜውን ትልቅ ድርሻ ይበላ ነበር። አንደርሰን ግምቱን አስቀረ፣ በአንድ ጊዜ የሚያዘውን ሥራ ቁጥር ወሰነ፣ የሥራው ባለቤቶችም አንድ ቦታ በተከፈተ ቁጥር ቀጣዩን እንዲመርጡ አደረገ።

ከጀርባው ጆን ሊትል እ.ኤ.አ. በ1961 ያረጋገጠው ቀላል ሕግ አለ። አንድ ቡድን 12 ሥራ ከፍቶ በሳምንት 3 የሚጨርስ ከሆነ አንዱ ሥራ በአማካይ 4 ሳምንት ይፈጃል፤ የተከፈተው ወደ 6 ቢወርድ፣ የማጠናቀቅ ፍጥነቱም ባይቀየር፣ 2 ሳምንት ይበቃዋል። «ሁሉም ይጀመር» የሚለው ውሳኔ ሁሉንም የሚያዘገይ ውሳኔ ነው። የሥራ አደረጃጀት ክርክር ውስጥ ከሒሳብ የተገኘ፣ ከወገንተኝነት የጸዳ መልስ አለ ከተባለ ይህ ነው።

ኢትዮጵያ ይህን የሐሳብ ቤተሰብ ከብዙ የአፍሪካ ሀገራት ቀድማ ታውቀዋለች። ጠቅላይ ሚኒስትር መለስ ዜናዊ ለጃፓን ባቀረቡት ጥያቄ መሠረት የጃፓን የትብብር ድርጅት ጃይካ እ.ኤ.አ. ከ2009 እስከ 2011 በ30 ፋብሪካዎች ካይዘን የተባለውን የጃፓን የአሠራር ማሻሻያ ዘዴ ሞከረ፣ እ.ኤ.አ. በ2011ም የኢትዮጵያ ካይዘን ኢንስቲትዩት ተቋቋመ። ሥልጠናው በፋብሪካዎች፣ ቆይቶም በመንግሥት መሥሪያ ቤቶች ተሰጠ፤ ትኩረቱም በዕቃ አቀማመጥ፣ ብክነትን በመቀነስና በሠራተኛው የማሻሻያ ሐሳብ ላይ ነበር። በአንፃሩ የአዲስ አበባ ፕሮግራመሮች ካንባንን ያወቁት በእንግሊዝኛ ከተጻፉ መመሪያዎችና ከሚጠቀሙበት ሰሌዳ ነው። አንድ ሥር ያላቸው ሁለት ልምዶች በአንድ ከተማ ውስጥ ጎን ለጎን ኖረው ብዙም አለመነጋገራቸው የሚያስቆጭ ነው። የመጋዘን ብክነትን ማየት የለመደ አሠልጣኝ ለወራት ተጽፎ ሳይለቀቅ የተቀመጠ ኮድ ያው መጋዘን ውስጥ ያለ ዕቃ መሆኑን ለማስረዳት ብዙ አይቸገርም ነበር።

ቢፒአር፣ አንድ ለአምስትና አይቤክስ

በሀገራችን የሥራ አደረጃጀት ክርክር እጅግ ፍሬያማ ሆኖ የተካሄደው በሶፍትዌር ኩባንያዎች ውስጥ አልነበረም፤ በመንግሥት የፋይናንስ ሥርዓት ውስጥ ነበር። በ1990ዎቹ መጨረሻ ዓ.ም. ቢፒአር (መሠረታዊ የሥራ ሂደት ለውጥ) በየመሥሪያ ቤቱ ሲዘረጋ ሐሳቡ ከአሜሪካዊው ማይክል ሃመር የመጣ ነበር፦ ያለውን አሠራር በኮምፒዩተር ከማፋጠን አፍርሶ ከዜሮ መሥራት። ደጋፊዎቹ ቀናት ይወስድ የነበረ ፈቃድ በሰዓታት መሰጠቱን ይጠቅሳሉ፣ ይህም በበርካታ የአገልግሎት መስኮቶች ላይ የታየ ነው።

በዚያው ዘመን ተቃራኒውን መንገድ የተከተለ ፕሮጀክት ነበር። በአሜሪካ የልማት ድርጅት ድጋፍ፣ በሃርቫርድ ዩኒቨርሲቲ አስተባባሪነት፣ ለአሥር ዓመት ከበለጠ ጊዜ የዘለቀው ያልተማከለ አስተዳደርን የመደገፍ ፕሮጀክት የበጀትና የሂሳብ አያያዙን ከፌዴራል እስከ ወረዳ አሻሻለ። መሪው ስቲቨን ፒተርሰን በኋላ በጻፏቸው ጥናቶች የሚሟገቱት አሠራርን ከማፍረስ ይልቅ ያለውን አውቆ ደረጃ በደረጃ ማሻሻል በእንዲህ ዓይነት ቢሮክራሲ ውስጥ የተሻለ ይሠራል በማለት ነው። ሶፍትዌሩም በዚሁ መንገድ ሄደ። በመጀመሪያ ቀላል የበጀትና የሂሳብ ሥርዓት ተሠራ፣ ከዚያ አይቤክስ በተባለ ሥርዓት ተተካ፣ ክልሎችም በአንድ ጊዜ ሳይሆን በየተራ ገቡ። ሂሳብ ሠራተኛው ቀድሞ በወረቀት ሠልጥኖ ነበርና ኮምፒዩተሩ ሲመጣ የሚያውቀውን ሥራ አገኘው። በኋላ መንግሥት በኦራክል ላይ ወደተመሠረተው ኢፍሚስ የተባለ የተቀናጀ የፋይናንስ ሥርዓት ለመሸጋገር ሲወስን ክርክሩ አገረሸ። አንደኛው ወገን በሀገር ውስጥ አቅም የተገነባውን ማሳደግ ይበቃል አለ፤ ሌላኛው ደግሞ ክምችትን፣ ግዥንና ክፍያን በአንድ የሚያያይዝ የተሟላ ሥርዓት ያስፈልጋል አለ። ሁለቱም ነጥብ አላቸው። ለእኔ ክብደት የሚሰጠው ግን የመጀመሪያው ነው፤ በገጠር ወረዳ መብራት በሚጠፋበትና መስመር በሚቋረጥበት ሁኔታ ውስጥ መሥራት የቅደም ተከተሉ የመጀመሪያ መስፈርት ነበርና።

በየመሥሪያ ቤቱ ሠራተኞች በትንንሽ ቡድን የተደራጁበት አንድ ለአምስት የተባለው አሠራርም በዚህ ዳሰሳ ቦታ አለው። ከሩቅ ለሚያየው የስክራም ቡድን ይመስል ነበር፦ ጥቂት ሰዎች፣ ተደጋጋሚ አጭር ስብሰባ፣ የጋራ ግምገማ። ልዩነቱ በመረጃው አቅጣጫ ነው። አንድ ለአምስት ውስጥ ዕቅዱ ከላይ ይወርድ፣ ሪፖርቱ ወደ ላይ ይወጣ ነበር። ስክራም ውስጥ የምርቱ ባለቤት የሚባለው ሰው ዝርዝሩን ያስቀድማል ያስከትላል፣ ቡድኑ ደግሞ በሁለት ሳምንት ውስጥ ምን ያህሉን እንደሚይዝ ራሱ ይወስናል፤ «አንችለውም» ማለት መብቱ ነው። ይህ መብት ሲቀር የማለዳው ስብሰባ ሪፖርት ማቅረቢያ ሆኖ ይቀራል። በብዙ ሀገራት «አጃይል ሞቷል» ያሉ ሰዎች፣ ከማኒፌስቶው ፈራሚዎች አንዱ የሆነው ዴቭ ቶማስ ጭምር፣ የሚያማርሩት ይህንኑ ነው።

ነጥብ መስጠትና መገመት

ወደ ሁለተኛው ጥያቄ፣ ወደ ቅደም ተከተል፣ ስንመለስ ዘዴዎቹ በሦስት ወገን ይመደባሉ። አንደኛው መለያየት ነው። ዳይ ክሌግ እ.ኤ.አ. በ1994 ያቀረበው ሞስኮው የሚባለው ዘዴ ሥራዎችን የግድ የሚያስፈልግ፣ ሊኖር የሚገባ፣ ሊኖር የሚችልና ለአሁን የማይሠራ ብሎ ይከፍላል። ድክመቱ ሁሉም ጠያቂ የራሱን «የግድ» ማለቱ ነው፤ «ለአሁን የማይሠራ» የሚለው ሳጥን ባዶ ከሆነ ምንም አልተለየም። የኢትዮጵያ የቀን አቆጣጠር ከ13 ወሩ ጋር፣ የአማርኛና የሌሎች ቋንቋዎች ገጽታ ከውጭ በተገዙ ሥርዓቶች ውስጥ ስንት ጊዜ ወደ ሦስተኛው ሳጥን እንደተገፉ ለባለሙያው አይነገረውም። ለቢሮው ሠራተኛ ግን ሐምሌ 1ን የበጀት ዓመት መጀመሪያ አድርጎ የማያውቅ ሥርዓት ያልተጠናቀቀ ሥርዓት ነው።

ሁለተኛው ወገን ነጥብ ይሰጣል። ስንት ሰው ይደርሰዋል፣ ምን ያህል ይጠቅማል፣ ምን ያህል እርግጠኞች ነን፣ ስንት ድካም ይፈጃል በሚሉት ላይ ቁጥር ሰጥቶ ያካፍላል። ቁጥሮቹ ውይይትን ያጠራሉ፣ ጥቅማቸውም እዚያ ላይ ያበቃል። ግምት በግምት ሲባዛ የሚወጣው ውጤት ሳይንስ ይመስላል እንጂ ያው ግምት ነው።

ሦስተኛው፣ ዶናልድ ራይነርትሰን የሚያራምደው፣ የመዘግየት ዋጋን ይጠይቃል። ይህ ለእኛ ሁኔታ በጣም የሚስማማ ነው። የግብር ማሳወቂያ ማሻሻያ በሰኔ ቢደርስ ትልቅ ዋጋ አለው፣ ወቅቱ ካለፈ በኋላ ቢደርስ እስከሚቀጥለው ዓመት ዋጋው እጅግ ያነሰ ነው። የተማሪዎች ምዝገባም፣ የማዳበሪያ ሥርጭት መዝገብም እንዲሁ ናቸው። ሁለት እኩል ጠቃሚ ሥራዎች ቢኖሩ የጊዜ ገደብ ያለው ይቀድማል፤ ይህ ግልጽ ቢመስልም በነጥብ ሰንጠረዦች ውስጥ ብዙ ጊዜ ቦታ የለውም።

መገመት ይቻላል ወይ የሚለው ክርክር ከዚህ ይያያዛል። እ.ኤ.አ. በ1994 የወጣው የስታንዲሽ ሪፖርት የፕሮጀክቶች አማካይ የወጪ ብልጫ 189 በመቶ ነው ብሎ ዓለምን አስደንግጦ ነበር። የኖርዌዩ ማግነ ዮርገንሰንና ባልደረባው ግን ሌሎች ጥናቶች ከ30 በመቶ አካባቢ የማይርቅ አኃዝ እንደሚሰጡና የሪፖርቱ አሠራር እንደማይታመን አሳዩ። ቤንት ፍሊውቢዬርና አሌክሳንደር ቡድዚየር እ.ኤ.አ. በ2011 1,471 ፕሮጀክቶችን አጥንተው አማካዩ 27 በመቶ መሆኑን፣ ነገር ግን ከ6 ፕሮጀክቶች አንዱ በአማካይ 200 በመቶ ከበጀቱ ማለፉን ጻፉ። ልብ ሊባል የሚገባው ይህ ሁለተኛው ቁጥር ነው። በአማካዩ የሚታየው ትንሽ የወጪ ብልጫ ተቋም አያናጋም፤ የሚያናጋው ማንም ያላሰበው፣ ጥቂቱን ፕሮጀክት የሚውጠው ኪሳራ ነው። ሥራን በትንንሹ መክፈል ከሁሉ በላይ የሚጠቅመው ይህን ኪሳራ ገና በጠዋቱ ስለሚያሳይ ነው።

ቢጋር፣ ጨረታና ሰኔ 30

በኢትዮጵያ ከትልልቆቹ የሶፍትዌር ገዢዎች አንዱ መንግሥት ነው፤ ባንኮችና ለጋሽ ድርጅቶችም አሉ። ግዥው የሚጀምረው በቢጋር ነው። የሚፈለገው ሁሉ በዝርዝር ይጻፋል፣ የቴክኒክና የዋጋ ሰነድ ይቀርባል፣ ውል ይፈረማል፣ ክፍያ በርክክብ ደረጃዎች ይከፈላል። ይህ ሥርዓት የተሠራው ለሕንፃና ለዕቃ ግዥ ቢሆንም ጥሩ ምክንያት አለው፤ የሕዝብ ገንዘብ ምን እንደተገዛበት መታወቅ አለበት፣ ኦዲተርም የሚያመሳክረው ሰነድ ያስፈልገዋል። በመሆኑም «ውሉን ተዉት፣ ተባበሩ» የሚለው የማኒፌስቶ ሐሳብ እንዳለ ሊወሰድ አይችልም።

ውጤቱ ግን ቅደም ተከተሉ የሚወሰነው ስለ ችግሩ ገና ጥቂት በሚታወቅበት ቀን መሆኑ ነው። ቢጋሩን የጻፈው ኮሚቴ ሁሉንም ያስገባል፣ በኋላ መጨመር ስለሚከብድ። ተጫራቹ ሁሉንም እሺ ይላል፣ አለበለዚያ ነጥብ ያጣል። በዚህ ላይ የበጀት ዓመቱ ሰኔ 30 ይዘጋል። ያልተጠቀሙበት በጀት ይመለሳልና ግንቦትና ሰኔ የርክክብ ወራት ይሆናሉ፤ ሥርዓቱ ዝግጁ ስለሆነ ሳይሆን ክፍያው መፈጸም ስላለበት። ቡድኑ በስክራም ቢሠራም በካንባን፣ ዓመቱን የሚገዛው ይህ ቀን ነው።

መውጫው ላይ ሐሳቦች ተለያይተዋል። አንዱ ሐሳብ ውሉን መቁረስ ነው፦ በትንሽ ገንዘብ የጥናትና የሙከራ ውል፣ ከዚያ በውጤቱ ላይ የሚመሠረት ቀጣይ ውል። ሌላው ማዕቀፍ ስምምነት ፈርሞ ሥራውን በየሩብ ዓመቱ ማዘዝ ነው። ሦስተኛው ተቋሙ የራሱን ቡድን ማቋቋም ነው፤ ይህ ቅደም ተከተሉን ወደ ባለቤቱ ይመልሳል፣ ሆኖም የመንግሥት ደመወዝ መጠን ጥሩ ፕሮግራመር ይዞ ለማቆየት ይፈተናል። አራተኛው ከዜሮ አለመጀመር ነው። ብሔራዊ መታወቂያው ፋይዳ በሕንድ ባንጋሎር በተጀመረው ሞሲፕ በተባለ ክፍት የሶፍትዌር መሠረት ላይ የታነጸ በመሆኑ የሀገር ውስጡ ኃይል በምዝገባ፣ በትስስርና በአዋጅ ቁጥር 1284/2015 በተቀመጠው የሕግ ማዕቀፍ ላይ ማተኮር ችሏል። ምን አለመሥራት እንዳለባቸው ቀድመው መወሰናቸው ትልቁ የቅደም ተከተል ውሳኔ ነበር እላለሁ።

የመጋቢት 6 ሌሊት

መጋቢት 6 ቀን 2016 ዓ.ም. ሌሊት የኢትዮጵያ ንግድ ባንክ ሥርዓት ተዛብቶ ደንበኞች በሂሳባቸው ውስጥ የሌለ ገንዘብ ማውጣትና ማስተላለፍ ቻሉ። ባንኩ የሳይበር ጥቃት አለመሆኑን ገለጸ፤ ችግሩ የተፈጠረው በሥርዓት ማሻሻያና ፍተሻ ሥራ ላይ ነበር። ያለአግባብ የወጣው ገንዘብ 801 ሚሊዮን ብር ገደማ ሲሆን አብዛኛው በኋላ ተመልሷል።

ስለ ውስጣዊ ምክንያቱ ከዚህ በላይ መናገር አይገባም። ክስተቱ ግን የማይታየውን ሥራ ጥያቄ ወደ አደባባይ አወጣው። ማሻሻያን ቀድሞ መፈተሽ፣ ለጥቂት ደንበኞች ብቻ አስቀድሞ መልቀቅ፣ ሲበላሽ ወደ ቀድሞው መመለስ የሚቻልበትን መንገድ ማዘጋጀት፣ ማንም «አምጡልን» ብሎ የማይጠይቃቸው ሥራዎች ናቸው። ዋርድ ካኒንግሃም እ.ኤ.አ. በ1992 የቴክኒክ ዕዳ ሲል የሰየመው የሚከማቸው እነዚህ ሲዘለሉ ነው። በነጥብ ሰንጠረዥ ላይ «ደንበኛው ይደሰታል» የሚለው ዓምድ ሁልጊዜ ያሸንፋቸዋል።

ኒኮል ፎርስግሬን ከባልደረቦቿ ጋር እ.ኤ.አ. በ2018 ያሳተመችው ጥናት እዚህ ላይ አስገራሚ ነገር ይላል። ቶሎ ቶሎ የሚለቁ ቡድኖች ስህተታቸው የበዛ አይደለም፤ ፍጥነትና መረጋጋት አብረው ይሄዳሉ፣ ምክንያቱም ትንሽ ለውጥ ለመፈተሽም ለመመለስም ይቀላል። ተቺዎች ጥናቱ በመጠይቅ ላይ የተመሠረተ መሆኑንና አንዱ የሌላው መንስኤ መሆኑን በቀጥታ እንደማያሳይ ይጠቁማሉ። ትችቱ ትክክል ነው። ነገር ግን «ስለምንፈራ በዓመት አንዴ ብቻ እንለውጣለን» የሚለው የባንኮች ልማድ ከዚህ ያነሰ ማስረጃ እንኳ የለውም።

ክርክሩ አሁን የት ደርሷል?

ሦስት ነጥቦች ክፍት ናቸው። አንደኛው የባክሎግ፣ ማለትም ተቆልሎ የሚጠብቀው የሥራ ዝርዝር፣ ዕጣ ነው። ቤዝካምፕ የተባለው ኩባንያ ባልደረባ የነበረው ራያን ሲንገር እ.ኤ.አ. በ2019 ያሳተመው ዘዴ የሥራ ዝርዝር ጨርሶ አይያዝም ይላል። በየ6 ሳምንቱ ጥቂት ሐሳቦች ብቻ ይመረጣሉ፣ ያልተመረጠው ይረሳል፣ በእርግጥ ከፈለጉት ተመልሶ ይመጣል። ለራሱ ምርት ለሚሠራ ኩባንያ ይህ ነፃነት ነው። በቁጥር የተመዘገበ ደብዳቤ ሁሉ ምላሽ ሊሰጠው በሚገባበት መሥሪያ ቤት ግን «ተረስቷል» የሚል መልስ አይኖርም።

ሁለተኛው የርቀት ሥራ ነው። «ገበያ» የተባለውን ኩባንያ የመሳሰሉ ድርጅቶች የኢትዮጵያ ባለሙያዎችን ከውጭ ኩባንያዎች ጋር ሲያገናኙ ዘዴውም አብሮ ይመጣል። ወጣቱ ፕሮግራመር ስክራምን በሥራ ላይ ይማራል፣ በአብዛኛው ግን የሚማረው የአፈጻጸሙን ጎን ነው፤ ዝርዝሩን የሚያስቀድመው ሰው በሌላ የሰዓት ክልል ይቀመጣል። ሐምሌ 2016 ዓ.ም. የተጀመረው 5 ሚሊዮን ኮደሮችን የማሠልጠን ፕሮግራምም የሚጨምረው መሥራት የሚችሉትን ነው። ምን መሠራት እንዳለበት የመወሰን ሙያ፣ ማለትም ተጠቃሚውን ማጥናት፣ አንዱን ጥያቄ ከሌላው ማመዛዘን፣ ለኃላፊ «ይህ ይቅር» ብሎ በማስረጃ መሞገት፣ በየትኛው ክፍል ውስጥ እንደሚሰጥ ግልጽ አይደለም። ሥራ አመራር የሚያስተምሩት የሲ.ኤም.ሲ መንገድ ተቋማትና የኮምፒዩተር ሳይንስ ክፍሎች የሚገናኙበት ቦታ ቢኖር ይህ ነበር።

ሦስተኛው ሰው ሠራሽ አስተውሎት ነው። ኮድ መጻፍ እየረከሰ ሲሄድ ውዱ ነገር መምረጥ ይሆናል የሚለው ክርክር አሳማኝ ይመስላል። እ.ኤ.አ. በ2025 ሜትር የተባለው የምርምር ድርጅት ልምድ ባላቸው 16 ፕሮግራመሮች ላይ ያደረገው ሙከራ ግን ጥንቃቄ ይጠይቃል። የሰው ሠራሽ አስተውሎት መሣሪያ ሲጠቀሙ 19 በመቶ ዘግይተዋል፣ እነሱ ግን 20 በመቶ የፈጠኑ መስሏቸው ነበር። ሙከራው ትንሽ ነው፣ የሚያውቁት ትልቅ ኮድ ላይ የተደረገ በመሆኑም ለሁሉም ሥራ አይጠቀስም። በተሰማን ፍጥነትና በተለካው መካከል ያለው ርቀት ግን ለዕቅድ አውጪ ትልቅ ጉዳይ ነው። የሚቀጥለው ዓመት ቢጋር «በሰው ሠራሽ አስተውሎት ስለሚሠራ ጊዜው በግማሽ ይቀንሳል» ብሎ ከተጻፈ፣ በሰኔ ላይ ያንን ግማሽ የሚከፍለው ፍተሻው ይሆናል።